ኮሌጁስ ምን አለ?

ፀጉር አስተካካዩ ሚስቱን በስሟ ጠርቷት አያውቅም፤ «ቆይ» ነው የሚላት። ቅጽል ስሙን ያወጣላት ገና ሳይጋቡ ነው። ያኔ እሷ የላቦራቶሪ መምህርት ነበረች፤ እሱ ደግሞ ባለ አንድ ወንበር ፀጉር ቤት ከከፈተ ብዙም አልቆየም። እናግባ ብሏት መልስ እየጠበቀ ሳለ አንዲት የአክስቷ ልጅ «ሰውዬው እቤቱ ሴት አስቀምጧል፤ በጠዋት ልብስ ስታሰጣ በዓይኔ በብረቱ አይቻታለሁ» ብላ ነገረቻት።

ሌላዋ ብትሆን ኖሮ ነገሩ እዚያው ላይ ያበቃ ነበር። እሷ ግን በማግስቱ ከሥራ ወጥታ በቀጥታ ፀጉር ቤቱ መጣች። ደንበኞቹ እስኪወጡ አግዳሚው ላይ ተቀምጣ ጠበቀች፤ ከዚያ የሚላጩበት ወንበር ላይ ቁጭ አለችና በመስታወቱ ውስጥ ዓይን ዓይኑን እያየች «ስለ አንተ እንዲህ ይባላል። እኔ አላመንኩም፤ ውሸት ነው ብዬም አልተከራከርኩም። አንተስ ምን ትላለህ?» አለችው።

ሴትዮዋ ታናሽ እህቱ ነበረች፤ ከባሏ ተጣልታ እሱ ዘንድ የሰነበተች። ይህን ሲነግራት ተንፈስ ብላ የምትስቅ መስሎት ነበር። «ቆይ፣ እሷንም ላግኛት» አለች። አገኘቻትም። ዛሬ ሁለቱ ሴቶች የተገናኙ ቀን እሱ ጣልቃ የሚገባበት ቀዳዳ አያገኝም።

ይህ ጠባይዋ ትዳር ከያዘችም በኋላ አልለቀቃትም። ልጆቻቸው ሲጣሉ አንዱን ቆጥታ ነገሩን መገላገል አታውቅበትም። ሁለቱንም አስቀምጣ፣ አንደኛው ሲናገር ሌላኛው አፉን እንዲይዝ አድርጋ እስከ መጨረሻው ትሰማለች። ትልቋ ልጅ «የሰው ቤት ቤት ነው፤ የእኛ ቤት ግን ችሎት ነው» እያለች አባቷን ታስቀው ነበር። እሱም በሆዱ ይስማማ ነበር፤ በተለይ እራት የቀረበ ጊዜ።

ከብዙ ዓመት ማስተማር በኋላ የኮሌጆችን እውቅና የሚሰጠውና የሚነጥቀው መሥሪያ ቤት ተቆጣጣሪ አድርጎ ወሰዳት። ሥራዋ ኮሌጆችን እየዞሩ ማየትና ያዩትን መጻፍ ነው። እውቅና የሌለው ኮሌጅ የሚሰጠውን ዲፕሎማ ቀጣሪ ቤት ይዞ የሚሄድ ሰው ባዶ እጁን እንደሄደ ስለሚቆጠር፣ እሷ የምትጽፈው ነገር ብዙ ቤት ያናውጣል። ባልደረቦቿ ከዲኖች ጋር ቢሮ ተቀምጠው ፋይል ሲያገላብጡ እሷ ጠፍጣፋ ጫማዋን አድርጋ ሕንፃውን ከታች እስከ ላይ ታስሳለች። የላቦራቶሪ ቧንቧ ካየች ከፍታ ውሃ መኖሩን ሳታረጋግጥ አታልፍም። ቤተ መጻሕፍት ስትገባ መጽሐፍ አንስታ አቧራውን በጣቷ ታያለች። በዚህ የተነሳ የሚፈሯት ብዙ ናቸው፤ የሚወዷት ግን፣ ባሏ እንደሚለው፣ «ከቤተሰብ ውጭ ገና እየተፈለጉ ነው»።

ከፀጉር ቤቱ ማዶ፣ የቤት ዕቃ መሸጫ ፎቅ ላይ አንድ የጤና ኮሌጅ አለ። ነርሶችንና የላቦራቶሪ ባለሙያዎችን ያሰለጥናል። ዲኑ አንድ ክፍል ተከራይቶ የጀመረ፣ ዛሬ ሦስት ፎቅ የያዘ፣ ደረቱን ነፍቶ የሚሄድ የቀድሞ ነርስ ነው። ተማሪዎቹ ፀጉራቸውን የሚቆረጡት እዚሁ ስለሆነ ፀጉር አስተካካዩ የማን ፈተና መቼ እንደሆነ፣ የትኛው መምህር እንደሚያንኳስስ፣ ማን ለማን ልቡ እንደሄደ ጠንቅቆ ያውቃል። ባልና ሚስቱ ግን ከድሮ ጀምሮ አንድ ስምምነት አላቸው፤ እሱ የፀጉር ቤት ወሬ ለእሷ አያደርስም፣ እሷም የቢሮ ነገር ሳያልቅ አትነግረውም።

ስለዚህ ያንን ኮሌጅ ልትቆጣጠር ስትመደብ የሰማው ነገር አልነበረም። ከመስኮቱ ሆኖ ሁለት ቀን ስትገባና ስትወጣ አያት፤ በዚህ ብቻ ገባው። በሁለተኛው ቀን ማታ እቤት ጫማዋን እያወለቀች «ያ ዲን ሰላምታውን እንኳ በጥርሱ ነው የሚሰጠው» አለች። ከዚያ በላይ አልተነፈሰችም። ሪፖርቷን ጻፈች፤ ጠንካራ ሪፖርት ነበር። የነርሲንግ ክፍሎቹ እንደተጨናነቁ፣ በመምህርነት ከተመዘገቡት መካከል አስተምረው የማያውቁ ስሞች እንዳሉ፣ የላቦራቶሪው ማይክሮስኮፖች ለአንድ ክፍል ተማሪ እንኳ እንደማይበቁ አንድ በአንድ አስቀመጠች። መጨረሻው ላይ ደንቡ እንደሚያዘው «ሪፖርቱ ለኮሌጁ ተልኮ መልስ ይስጥበት፤ ከዚያ ይወሰን» ብላ ፈረመች።

ወሬው በሬዲዮ የመጣው በጠዋት ነው። ፀጉር አስተካካዩ አንድ የሦስተኛ ዓመት ተማሪ ወንበር ላይ አስቀምጦ ግማሽ ራሱን አስተካክሎ ነበር። ዜና አንባቢው የኮሌጁን ስም ጠርቶ «ከዛሬ ጀምሮ እውቅናው ተሰርዟል» አለ። ማሽኑ ያጉረመርም ስለነበር ተማሪው አልሰማም መስሎት ነበር። ልጁ ግን ብድግ አለና አንገቱ ላይ የታሰረውን ጨርቅ እንኳ ሳይፈታ፣ ግማሽ ጎኑ ተቆርጦ ግማሹ እንደተንጨፈረረ፣ መንገዱን አቋርጦ ወደ ኮሌጁ ሮጠ። ፀጉር አስተካካዩም ማሽኑን እንደያዘ በሩ ላይ ቀረ። ዲኑ በሸሚዝ ብቻ ሆኖ ደረጃው ላይ ቆሟል። ተማሪዎቹ ከበውታል። እሱም እንደ እነሱ ከሬዲዮ ነበር የሰማው።

ልጁ ከሰዓት በኋላ ጨርቁን ሊመልስ መጣ፤ ቀሪውን ራሱንም ሊያስተካክል። «ጋሼ፣ ሦስት ዓመት ተማርኩ» አለው ድምፁ ቀዝቅዞ። «ትምህርቱ ልክ አይደለም ካሉ እሺ። ግን አንድ ሰው መጥቶ እንኳ ምን ትላላችሁ አላለንም።» ፀጉር አስተካካዩ ማሽኑን ያለመጠን በቀስታ ገፋ። ይህን ያደረገችው ሚስቱ ትሆን እንዴ? የሚያውቃት ሴት እንዲህ አታደርግም። የጻፈችው ግን እሷ መሆኗን ያውቃል።

ማታ ከወትሮው ዘግይታ ገባች። ቦርሳዋን ሳታስቀምጥ ወንበር ላይ ዘፍ አለች። በዚያን ዕለት ስምምነታቸውን ያፈረሰችው እሷ ናት።

«ቢሮው ገባሁ» አለች። የመሥሪያ ቤቱን ዳይሬክተር ማለቷ ነው፤ በዕድሜ ያንሳታል፣ ብቻቸውን ሲሆኑ «እትዬ» ይላታል። «ሪፖርቱ ለኮሌጁ ደርሷል ወይ አልኩት። አልደረሰም። ታዲያ በምን ወሰናችሁ ስለው ‹በእርስዎ ሪፖርት ነዋ፤ ጥፋቱን ያገኙት እርስዎ ነዎት› አለኝ።»

«ምን አልሽው?»

«ያየሁትን ጻፍኩ እንጂ አልፈረድኩም አልኩት። ‹መልሳቸው ምን ሊለውጥ ነው፣ እትዬ?› አለኝ። እኔ እንጃ፣ አልሰማሁትማ፤ እንዴት አውቃለሁ?»

ጋዜጣ በተከታታይ «ጥርስ የሌለው ተቆጣጣሪ» እያለ ጽፎባቸው ነበር። ከላይም ስልክ ይደወል ነበር። ዳይሬክተሩ ክፉ ሰው አልነበረም፤ አንድ ኮሌጅ በፍጥነት ዘግቶ መተንፈስ ፈልጎ ነው። የእሷ ሪፖርት ደግሞ ጠረጴዛው ላይ ተዘጋጅቶ አገኘው።

ቀጥሎ የመጣው ሳምንት ከባድ ነበር። ሰፈሩ እሷ የት እንደምትሠራ ያውቃል። ልጇን እዚያ የምታስተምር አንዲት የጎረቤት ሴት ደረጃ ላይ ስታገኛት ፊቷን አዞረች። ፀጉር ቤት ውስጥም ሰው ወሬውን ሲጀምር ባሏን አይቶ በመካከል ማቆም ተለመደ። አንድ ቀን አንድ ደንበኛ አላስቻለው ብሎ «ያቺ ኮሌጁን የዘጋችው ሴትዮ ግን ልጅ የላትም?» አለ። ፀጉር አስተካካዩ መቀሱን አስቀመጠ። አፉ ላይ የመጣ ብዙ ነገር ነበር። ማታ ሲነግራት «ምነው መልስ በሰጠሁት» አላት።

«ቆይ» አለች። «ለአንዱ ስትመልስ ለሁሉም ልትመልስ ነው። የሚመለስበት ቦታ አለው።»

ቦታው ይግባኝ ሰሚው ጉባኤ ነበር። ኮሌጁ አቤት ብሎ ነገሩ ለመሰማት ተቀጠረ። መሥሪያ ቤቱም ጥፋቱን እንድታስረዳለት በምስክርነት የጠራው እሷኑ ነው። ነገረ ፈጁ አስቀምጦ «የተጠየቁትን ብቻ ይመልሱ፤ ከዚያ ውጭ አይጨምሩ» ብሎ መከራት። «የተጠየቅኩትን ሁሉ እመልሳለሁ» አለችው። ሰውዬው ልዩነቱ አልገባውም። ባሏ ግን ስትነግረው ገባውና ሰጋ፤ ለጡረታዋ የቀረው ጥቂት ዓመት ነው።

በቀጠሮው ቀን ፀጉር አስተካካዩ ሱቁን ዘጋ። ደንበኞቹ ታመመ ብለው ነበር፤ በሥራ ቀን ሲዘጋ አይተውት አያውቁማ። ክርክሩ ለማንም ክፍት ስለነበር ከኋላ ወንበር ተቀመጠ። አዳራሹ ጠባብ ነው፤ ጣሪያው ላይ ያለው ማራገቢያ ይንቋቋል፤ ተማሪዎቹ ኮሪደሩን ሞልተው በበሩ ያሰግጋሉ። ሰብሳቢዋ ጡረታ የወጡ ዳኛ ናቸው፤ መነጽራቸውን አንዴ ከግንባር አንዴ ከአፍንጫ የሚያደርጉ፣ ድምፃቸው ዝቅ ያለ አሮጊት።

ሚስቱ ተጠራች። ቢጫ ሹራቧን አድርጋለች፤ እጆቿን ጠረጴዛው ላይ አጋድማ ተቀመጠች። ነገረ ፈጁ ጠየቀ፤ መለሰች። ክፍሎቹ ምን ያህል እንደሚጠቡ፣ ስማቸው ብቻ ያለ መምህራን እነማን እንደሆኑ ሳትጨምር ሳትቀንስ ተናገረች። የዲኑ ፊት እንደ በርበሬ ቀላ። ከተማሪዎቹ ውስጥ አንዱ ጮክ ብሎ አጉረመረመ። ፀጉር አስተካካዩ ወለሉን እያየ ነበር። ለእነሱ ስታዝን እንደከረመች እሱ ያውቃል፤ እዚያ ወንበር ላይ ግን አንድ ቃል አላለዘበችም።

ከዚያ ምስክሯን የመጠየቅ ተራ ለኮሌጁ ተሰጠ። ዲኑ ጠበቃውን በእጁ ገፋ አድርጎ ራሱ ተነሳ።

«አንድ ጥያቄ ብቻ ነው ያለኝ» አለ። «ይህን ሁሉ ስትጽፊ እኔን ጠይቀሽኛል?»

«አልጠየቅኩዎትም» አለች።

ነገረ ፈጁ ብድግ አለ። «ክብርት ሰብሳቢ፣ በመጨረሻው ቀን የቡድኑ አባላት ለኮሌጁ ኃላፊዎች በቃል ገለጻ አድርገዋል።»

ሰብሳቢዋ መነጽራቸውን አፍንጫቸው ላይ አወረዱ። «ገለጻ አድርጋችኋል?»

ፀጉር አስተካካዩ ሚስቱ ትንፋሽ ስትስብ ትከሻዋ ከፍ ሲል አየ።

«አላደረግንም፣ ክብርት ሰብሳቢ። በመጨረሻው ቀን ደህና ሁኑ ብለን ነው የወጣነው። ሪፖርቱ እንዲላክላቸው ጽፌ ነበር፤ ከውሳኔው በፊት አልተላከም።»

ነገረ ፈጁ ወረቀቱን ማገላበጥ ጀመረ። ሰብሳቢዋ ግን አልጨረሱም። «ቅድም የዘረዘርሽው ጉድለት እውነት ከሆነ፣ መልሳቸው ምን ይጠቅም ነበር?»

«እውነት ነው ብዬ ነው የጻፍኩት። አሁንም ቃሌን አላነሳም» አለች። «ግን እኔ ያየሁት በሁለት ቀን፣ በሁለት ዓይኔ ነው። ያላየሁት ሊኖር ይችላል። ደንቡ ይመልሱ ያለው እነሱን ለማባበል አይደለም፤ እኛ እንዳንሳሳት ነው።»

«ይህን በመናገርሽ መሥሪያ ቤትሽ እንደሚረታ ይገባሻል?»

«ይገባኛል። ነገ ሌላ ኮሌጅ በእውነት መዘጋት ኖሮበት ስንዘጋው፣ ሰው እንዲያምነን እፈልጋለሁ።»

ፀጉር አስተካካዩ ዓይኑ ላይ ውሃ ሞላ። አቧራ የገባበት አስመስሎ በመሐረቡ ጠረገው። አጠገቡ የተቀመጠ የማያውቀው ሰው ወደ ጆሮው ጠጋ ብሎ «ይቺ ሴት የማን ወገን ናት?» አለው። «የእኔ» አለ። ሰውዬው ግራ ገባው።

ጉባኤው ውሳኔውን ሻረው። ሪፖርቱ ለኮሌጁ ይድረስ፣ ኮሌጁ በጽሑፍ ይመልስ፣ በአካልም ቀርቦ ይናገር፣ ከዚያ መሥሪያ ቤቱ እንደገና ይወስን፤ እስከዚያ ትምህርቱ ይቀጥል አለ። ኮሪደሩ ላይ ተማሪዎቹ ተቃቀፉ። ዲኑ የፀጉር አስተካካዩ ሚስት አጠገብ ደርሶ ሳያናግራት አለፈ። እሷም አልከፋትም። «ገና አልዳነማ» አለች ወደ ቤት እየሄዱ፣ «ምን ብሎ ያመሰግነኛል?»

በማግስቱ ቢሮ ስትገባ ሰላም ያላት ሰው ጥቂት ነው። ከመስክ ሥራ አንስተው፣ ደጅ የማይታይበት ክፍል ውስጥ የድሮ ፋይል እንድታስተካክል አደረጓት። ቅር አላት፤ አንድ ሁለት ማታ እንቅልፍ አጣች። ባሏ «ምነው ዝም ብትዪ ኖሮ» ለማለት አንድም ጊዜ ልቡ አልከጀለም። ይልቁንም ጠዋት ጠዋት ሱቁን ዘግየት ብሎ እየከፈተ እስከ ቢሮዋ በር ድረስ ይሸኛት ጀመር፤ ዘበኛው ሳይቀር «ጋሼ፣ እርስዎም ተቀጠሩ እንዴ?» እስኪለው ድረስ።

የኮሌጁ መልስ ሲመጣ ዳይሬክተሩ ጠራት። ወረቀቱን ገፍቶ ሰጣትና «አንብቢው እንጂ፣ እትዬ» አላት፤ አንቱታውን ረስቶታል። ስለ ነርሲንግ ክፍሎቹ ዲኑ የሚያዝ የሚጨበጥ ነገር አልነበረውም። ስማቸው ብቻ የተመዘገቡትን መምህራን ደግሞ ለማሟላት ያህል እንዳስገባቸው አምኗል። ማይክሮስኮፖቹ ላይ ሲደርስ ግን «አብዛኞቹ ያሉት አንድ ሆስፒታል ውስጥ ከሆስፒታሉ ጋር በከፈትነው የመለማመጃ ክፍል ነው፤ ተማሪዎቻችን ከሰዓት በኋላ እዚያ ይሠራሉ፤ ተጠይቀን ቢሆን እናሳይ ነበር» ይላል።

እሷ የሄደችው ሁለቱንም ቀን በጠዋት ነበር።

ሆስፒታሉ ድረስ ሄዳ አየች። ማይክሮስኮፖቹ በተርታ ተደርድረዋል፤ እያንዳንዱ የጨርቅ ልባስ ተሰፍቶለታል። ተማሪዎቹ ጎንበስ ብለው ይሠራሉ፤ ማን እንደሆነች ያወቀ የለም። አንዷን «እስቲ ምን ይታይሻል?» አለቻት፤ ልጅቷ ቦታዋን ለቃላት የምታየውን እያሳየች አስረዳቻት። ጥሩ አድርጋ ነበር ያስረዳቻት። መምህርት የነበረች ሴት ይህን መለየት አያቅታትም።

ያን ዕለት ማታ ነጭ ሽንኩርት እየላጠች «ተሳስቼ ነበር» አለችው ባሏን።

«ምኑ ላይ?»

«ማይክሮስኮፑ ላይ። የላቦራቶሪውን ትምህርት እኮ በእኔ ስህተት ልንዘጋው ነበር።» ቢላዋውን አስቀመጠች። «ነገ ስብሰባ ላይ እናገረዋለሁ።»

«ራስሽ?»

«ታዲያ ማን ይናገርልኝ?»

ተናገረችም። ዲኑ በተቀመጠበት፣ ባልደረቦቿ በተሰበሰቡበት፣ የጻፈችውን አንቀጽ ጮክ ብላ አነበበችና «ይህ ልክ አይደለም፤ ሳልጠይቅ ነው የጻፍኩት» አለች። ቀጥላም ልክ የሆኑትን አንድ በአንድ አነበበች፤ እነሱን አላለፈችለትም። ዲኑ በመጀመሪያው ቀና እንዳለ በሁለተኛው እንደገና አቀረቀረ። ከዚያ እሱ እንዲናገር ተፈቀደለትና ብዙ ተናገረ። ኮሌጁን እንዴት እንደጀመረ፣ መምህር ማግኘት እንዴት እንደሚያስቸግር፣ ስሞቹን ሲያስገባ ምን እያሰበ እንደነበር፤ ማንም አላቋረጠውም።

በመጨረሻ የላቦራቶሪው ትምህርት እውቅናው ጸና። ነርሲንጉ መምህራን እስኪያሟላ ድረስ አዲስ ተማሪ እንዳይቀበል ታገደ፤ ያሉት ግን ተምረው እንዲጨርሱ ተወሰነ። ዲኑ ፈረመ። አልተደሰተም፤ ይግባኝም አላለም። ዳይሬክተሩ ደግሞ ከዚያ ወዲያ የኮሌጁ መልስ ያልተያያዘበት ውሳኔ ጠረጴዛው ላይ እንዳይቀርብ አዘዘ። እሷንም ወደ መስክ መለሳት፤ አዳዲስ ተቆጣጣሪዎችን የምታስተምረውም እሷ ሆነች። ጎረቤቲቱ ሴት ሰላምታዋን ለመመለስ ጊዜ ወሰደባት፤ ልጇ ተመርቆ ሥራ ሲይዝ ግን ደረጃው ላይ አቁማ አወራቻት።

አንድ ቅዳሜ ዲኑ ፀጉር ቤት ገባ። ከዚያ በፊት ረግጦት አያውቅም። ጢሙን ሊላጭ ነው። ፀጉር አስተካካዩ ፎጣውን አስሮለት አረፋውን ቀባና ምላጩን አገጩ ሥር አስጠጋ።

«ሚስትህ ናት አሉ» አለ ዲኑ ጣሪያውን እያየ።

«ነች።»

ዲኑ በጥርሱ መካከል «ምላጭ ጉሮሮዬ ላይ ይዘህብኝ ምን ልበል?» አለ።

ፀጉር አስተካካዩ ምላጩን አንስቶ ፎጣው ላይ አስቀመጠ፤ እጁንም በሽርጡ ጠረገ። «እንግዲህ ይናገሩ» አለው።

ዲኑ አረፋው እንደተለጠፈበት በመስታወቱ አየው። «ያን ሪፖርት ባነበብኩ ቁጥር ደሜ ይፈላል» አለ። «ዛሬም አልወዳትም፤ አልዋሽህም። ግን ልጄ መምህርት ልሁን ብላኛለች። እንደዚያች ሴትዮ ሁኚ ብያታለሁ።»

ፀጉር አስተካካዩ ምላጩን አነሳ። አገጩን ቀና አደረገለት፤ በሕይወቱ እንደዚያን ቀን ተጠንቅቆ ማንንም ላጭቶ አያውቅም።